የመጀመሪያ አንባቢዬ

(ደሴ ላይ በአንድ የንባብ ምሽት ካደረግኩት ንግግር የተጻፈ። ትንሽ አሳጥሬዋለሁ፤ ሳል ያቋረጠኝን ቦታ ደግሞ ሞልቻለሁ።)

እንደምን አመሻችሁ። ወንበር ያጣችሁ ልጆች ወደፊት ኑ፣ ምንጣፉ ላይ ተቀመጡ። ዓይኔ ሩቅ አያይም፤ ፊታችሁን ሳላይ ደግሞ ማውራት አልችልም።

የምሽቱ አዘጋጆች ደውለው፣ "እትዬ፣ እስር ቤት እንዴት ጸሐፊ እንዳደረገዎት ይንገሩን" አሉኝ። በደግ ነው የጠየቁኝ፤ እሺ አልኳቸው። ስልኩን ዘግቼ ቡና ሳፈላ ግን ነገሩ አልዋጥ አለኝ። እስር ቤት ጸሐፊ አላደረገኝም። ሳልታሰርም እጽፍ ነበር፤ እንዲያውም የታሰርኩት በመጻፌ ነው። ከእስር ከወጣሁ በኋላ ሠላሳ ዓመት ያህል "እኔ" ብዬ አንድ መስመር መጻፍ አቅቶኝ ኖሬያለሁ። የማወራችሁ ስለዚያ ነው።

አንድ ነገር አስቀድሜ ልበል። አብረውኝ የነበሩትን ሰዎች ስም አልጠራም። የታሰርኩበትን ቤትም፣ የቀበሌውን ቁጥርም አልጠራም። እዚህ ከተቀመጣችሁት መካከል የሚያውቅ ይኖራል። ይወቅ፣ ዝም ይበል። ምክንያቱን እያወራሁ ስሄድ ታገኙታላችሁ።

የ1951 ልጅ ነኝ። ያደግኩት እዚሁ ደሴ፣ ጦሳን በየጠዋቱ እያየሁ ነው። አባቴ ቁም ጸሐፊ ነበር። ብራና ፍቆ፣ ቀለም በጥብጦ፣ ብዕሩን ከመቃ ቀርጾ የሚጽፍ። ያስተማረኝ ፊደል የተማሪ ቤት ፊደል አይደለም። "ፊደል ይቆማል እንጂ አይተኛም" ይለኝ ነበር። የ"ሐ" ሦስት እግሮች እኩል መሬት ካልረገጡ ገጹን በሙሉ ያስደግመኝ ነበር። ጥቁሩን ቀለም እንድነካ ይፈቅድልኛል። ቀዩን ግን አይሰጠኝም። በቀይ የሚጻፈው ስመ እግዚአብሔር ነው፣ የእመቤታችን ስም ነው፣ የቅዱሳን ስም ነው። ሌላው ይበልጡን በጥቁር። ይቺን ቀይ ቀለም ያዙልኝ።

በ1965 እኔ 14 ዓመቴ ነው። ከራያ፣ ከየጁ፣ ከአምባሰል ሰው ወደ አስፋልቱ እየወረደ መንገድ ዳር ይወድቅ ነበር። መንግሥት ረሃብ የለም ይላል፤ እናቴ ደግሞ በትልቁ ድስት ንፍሮ ቀቅላ በር ላይ ትቆማለች። አንድ ጠዋት አንድ ሰው ንፍሮውን ተቀብሎ፣ ሳይበላው፣ እጁ ላይ እንዳለ ሞተ። እናቴ ፍሬውን ከእጁ አላነሣችም። ነጠላዋን አለበሰችው። እንግዲህ ይህን ያየ ልጅ እንዴት ፖለቲካ ውስጥ ገባ ተብሎ አይጠየቅም።

በዚያው ዓመት ኅዳር 29 ቀን የወሎው ልጅ ዋለልኝ መኮንን አውሮፕላን ሊጠልፍ ሲል ተገደለ ተባለ። አብራው የሕክምና ተማሪዋ ማርታ መብራህቱ ነበረች። ተማሪ ቤት ውስጥ የእሱን ስም ሁሉም ያነሣል። የእሷን የምናነሣው ሴቶቹ ነን፤ ያውም በሹክሹክታ። ሴት ልጅ፣ ሐኪም ልትሆን የነበረች፣ ሽጉጥ ይዛ አውሮፕላን ላይ! ጀግንነት ይሁን ጥፋት ዛሬም ከራሴ ጋር አልጨረስኩም። ያኔ ግን እንቅልፍ ነሥቶኝ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለውን ታውቁታላችሁ። ንጉሡ መስከረም 2 ቀን 1967 ወረዱ። በዚያው ዓመት የካቲት 25 የገጠር መሬት ለጭሰኛው ሆነ። ጨፈርን። ቀጥሎ ኢሕአፓና መኢሶን የሚባሉ፣ እርስ በርስ የሚጣሉ ሁለት ፓርቲዎች መጡና አንድ ዴስክ ላይ የተቀመጡ ልጆች መነጋገር አቆሙ። የሚያነቡት መጽሐፍ አንድ ነው፣ ሽፋኑ ቀይ የሞስኮ እትም። አሳሪዎቻችንም እሱኑ ነበር የሚያነቡት፤ በኋላ መርማሪው ጠረጴዛ ላይ ሳየው የአጎቴን ልጅ ሰው አገር እንዳገኘሁ ነው የሆንኩት። ሚያዝያ 1969 ላይ የደርጉ ሊቀመንበር መንግሥቱ ኃይለ ማርያም አዲስ አበባ አደባባይ ላይ ደም የመሰለ ነገር የሞላበትን ጠርሙስ ወርውረው ሰበሩ። ቀይ ሽብር የሚለው ቃል ደሴም ደረሰ። ማታ ማታ ሬዲዮ፣ "አብዮታዊ እርምጃ ተወሰደባቸው" ይላል። ቤታችን ሬዲዮ ሲከፈት እናቴ ጓዳ ትገባ ነበር።

የእርስ በርስ ጦርነት ሲባል ታንክና ምሽግ ነው የሚታሰበን። እሱ ወደ ሰሜን ነበረ፤ ኋላም እስከኛ መጣ። ከተማ ውስጥ ግን ጦርነቱ የወረቀት ነበር። በራሪ ወረቀት የተገኘበት ይታሰራል። ያባዛው ይገደላል። በዚያ ሰሞን የደሴ ጭስ ሽታው የተለየ ነበር፤ በየቤቱ መጽሐፍ ይቃጠላል። የቸኮለ ሽንት ቤት ይከተዋል። እናቴ የእኔን ደብተሮች አንድ በአንድ እየገነጠለች ምድጃ ውስጥ ስትከት፣ አባቴ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ተቀምጦ ነበር። ወረቀት ሲቃጠል ማየት አይችልም ነበር፣ የማንም ይሁን።

እኔ ፖለቲካዬ ብዙም አልነበረም። ጽሕፈቴ ግን ያምር ነበር። የጽሕፈት መኪና ድምፅ ስላለው፣ ስቴንስሉን በእጄ እንድጽፍ ይሰጡኝ ነበር። ሰም በተቀባው ስስ ወረቀት ላይ በሹል ብረት ይጻፋል፤ የቧጨርሽበት ቦታ ቀለም ያሳልፋል። የአባቴን ትምህርት ለዚያ አዋልኩት። የማይተኛ ፊደል።

ኅዳር 1970 ሌሊት መጡ። መጀመሪያ ቀበሌ፣ ከዚያ ምርመራ።

መርማሪው ወጣት ነበር። ከእኔ ቢበልጥ ስድስት ሰባት ዓመት ነው። ንጹሕ ሸሚዝ ይለብሳል። አይጮህም። የሚጮኹት ሌሎች ናቸው፣ ክፍላቸውም ሌላ ነው። ስለዚያኛው ክፍል አላወራም። ወፌ ላላ ምን እንደሆነ የማያውቅ ልጅ ካለ ቤት ሲገባ ታላላቆቹን ይጠይቅ። የግራ እግሬ ሁለት ጣቶች ብርድ ሲሆን ዛሬም አይሰሙኝም። በቃ።

ጠረጴዛው ላይ ባለ መስመር ወረቀት አስቀመጠ። አሥር ቅጠል፣ ፊቴ ቆጥሮ። ቢክ እስክሪብቶ ሰጠኝ።

"የሕይወት ታሪክሽን ጻፊ" አለኝ። "ከተወለድሽበት ጀምሪ። ማንም እንዳይቀር። ብታበላሺም ወረቀቱ አይጣልም፤ አሥር ሰጥቼሻለሁ፣ አሥር ትመልሻለሽ።"

ከወረቀቱ ጎን አንድ በራሪ ወረቀት ተዘርግቷል። አየሁት። "ሐ"ዋ የእኔ ናት። ሦስቱ እግሮቿ እኩል መሬት ረግጠዋል።

ገባኝ። የሚፈልገው ታሪኬን ብቻ አይደለም፣ እጄንም ነው። እስክሪብቶውን በቀኝ እጄ ያዝኩና አጣምሜ ጻፍኩ። "ለ" ተኛች። "መ" አበጠች። "ሐ" አንዱ እግሯ አጠረ። "ምነው?" አለኝ። "እጄ አብጧል" አልኩት። እውነትም አብጦ ነበር። በየቀኑ ያንኑ ጠማማ ጽሕፈት ጻፍኩ። ሳምንት ሲያልፍ እጄ እሱኑ ለመደ። ዛሬ መጽሐፍ ላይ ስፈርምላችሁ የምታዩት ዶሮ የጫረው የመሰለ ጽሕፈት ያኔ የፈጠርኩት ነው። የአባቴ ጽሕፈት አልተመለሰም። ከወጣሁ በኋላ ሞክሬ ነበር፤ አባቴም አጠገቤ ተቀምጦ እጄን ይዞ ሞከረ። አልሆነም። ዱላውን ረስቼዋለሁ ማለት እችላለሁ። ይቺን ግን አልረሳሁም።

ሰባት ጊዜ አስጻፈኝ። ጽፌ እሰጠዋለሁ፣ ማታ ያነበዋል፣ በማግስቱ "እንደገና" ይለኛል። አዲሱን ከቀድሞው ጋር ያስተያያል። ሦስተኛው ላይ ያለ ሰው ሁለተኛው ላይ ከሌለ፣ "ይሄ ከየት መጣ?" ነው። ሰዓት ካልገጠመ፣ "ቅዳሜ ነበር ብለሽ የለ?" ነው። ልብ ብሎ የሚያነብ ሰው ነበር። ከዚያ ወዲህ ብዙ አርታኢዎች አይቻለሁ፤ እንደሱ ያነበበኝ የለም። ለዚህ ነው የመጀመሪያ አንባቢዬ የምለው።

በቀይ እስክሪብቶ ነበር የሚያነበው። የሰው ስም ባገኘ ቁጥር ከሥሩ በቀይ ያሰምራል። ሌላውን አይነካም። ገጹን ሲመልስልኝ ጥቁሩ መሐል ቀያዮቹ ስሞች ይታያሉ፣ ልክ እንደ አባቴ ብራና።

በእያንዳንዱ ዙር የምንጠቀምበት አንድ ዘዴ ነበር፤ ሁሉም እስረኛ ያውቀዋል። የሞተ ሰው ስም ትጽፊያለሽ። አሲምባ፣ የኢሕአፓ ታጣቂዎች ወዳሉበት ተራራ፣ የገባ ሰው ስም ትጽፊያለሽ። የሞተን አይገድሉትም፣ የሄደን አያገኙትም። አራተኛው ዙር ላይ ደክሞኝ ነበር፤ የአንዲት ልጅ ስም ጻፍኩ። ከከተማ ወጥታለች ብለውኝ ነበር። አልወጣችም። በሦስተኛው ቀን እኛ ክፍል አምጥተው ወረወሯት። አየችኝ። ወዲያው አወቀች። ሁለት ዓመት አብረን ታሰርን፤ አንድም ቀን አላነሣችብኝም። ከብዙ ጊዜ በኋላ፣ ሁለታችንም ልጆች ወልደን፣ ፒያሳ መንገድ ላይ አግኝቻት ስለዚያ ልናገር ስል እጄን ጨበጠችኝና፣ "ተይው፣ የሽንኩርት ዋጋ አየሽ?" አለችኝ። ስለ ሽንኩርት አወራን። ስም የማልጠራው ለዚህ ነው።

ሰባተኛውን አንብቦ ሲጨርስ ወረቀቶቹን ጠርዛቸውን እያስተካከለ፣ "ጥሩ ትጽፊያለሽ" አለኝ። ማሾፉ አልነበረም። ይህን ለማንም ተናግሬው አላውቅም ነበር። አሁን እንኳ ሰው መጽሐፌን አንብቦ ጥሩ ጽፈሻል ሲለኝ፣ መጀመሪያ የሚሰማኝ ድንጋጤ ነው። ማንን ነው ያሳየሁት? የማን ስም አመለጠኝ? አመሰግናለሁ የምለው ከዚያ በኋላ ነው። ቀዝቃዛ ነሽ ትሉኛላችሁ፤ ይኸው ምክንያቱ።

ክፍላችን ለአንድ ቤተሰብ ሳሎን ይጠብ ነበር፤ ከሠላሳ በላይ ሴቶች ነበርን። በአንድ ጎን ነው የሚተኛው። ሌሊት አንዷ "ዙሩ!" ስትል ሁላችንም እንዞራለን። አራስ ነበረች፣ አሮጊት ነበረች፣ አሥራ አምስት ዓመት ያልሞላት ልጅ ነበረች። ስንቅ ቀን ላይ ይገባል፤ አንድ ላይ ተዘርግቶ ይበላል፣ ጠያቂ የሌላትም ከኛ እኩል። ፔርሙዝ ከገባ በክዳን በክዳን ይዳረሳል። ሲመሽ በሩ ላይ ስም ይጠራል። ስሟ የተጠራች ነጠላዋን ታስተካክላለች። አንዳንዷ ትመለሳለች። በማግስቱ የማትመለሰዋ ስንቅ ከነሣህኑ ወደ በሩ ይመለሳል፤ እናት እዚያ ታውቃለች።

እዚያ ክፍል ውስጥ አንዲት የአምባሰል ሴትዮ ነበሩ። ሴትዮ ስላችሁ እናቴን ይበልጣሉ። ሙስሊም ናቸው። የታሰሩት አንድ ሌሊት እንግዳ ስላሳደሩ ነው። "ማነው ብዬ ልጠይቅ? መሽቶበት መጣ፣ ርቦታል፣ አበላሁት" ይላሉ። ወሎ ውስጥ እንግዳ ስሙን የሚጠየቀው ከበላ በኋላ ነው። ሰውዬው ደግሞ በልቶ ተኛ፣ ሳይነጋ ሄደ፤ ስሙ አልተጠየቀም። መርማሪዎቹ ይህን ማመን አልቻሉም። ስም እንዲያወጡ ስንት ጊዜ ተገረፉ። የላቸውም! አይዋሹ፣ የሚዋሹት ስም እንኳ አይመጣላቸው።

ማንበብ አይችሉም። ግጥም ግን ከአፋቸው አይጠፋም። ሁለት ስንኝ፤ ከሁለት አያልፉም። ጠዋት ዱዓ አድርገው ሲጨርሱ፣ "አብሽሩ ልጆቼ" ይሉና የቀኑን ስንኝ ጣል ያደርጋሉ። አራተኛውን ዙር ጽፌ፣ ልጅቱን አምጥተው የወረወሯት ቀን፣ ግድግዳው ሥር ተጠቅልዬ ሳለ አጠገቤ መጥተው ተቀመጡ። ምንም አልጠየቁኝም። ጸጉሬን እየዳበሱ እንዲህ አሉ።

ጽፈሽ አታስነብቢ ለጠየቀሽ ሁሉ፣
ወረቀት አፍ አለው ይናገራል አሉ።

ሌላ ቀን፣ የአንዲት ልጅ ስንቅ የተመለሰ ዕለት፣ ወደ በሩ እያዩ፦

ቦርከና ሲሞላ ማን ይሻገረዋል፣
ስንቁስ ተመለሰ ባለቤቱ የታል።

ይቺን በአምባሰል ዜማ አሏት። ከአራቱ ቅኝት ሁለቱ፣ አምባሰልና ባቲ፣ የኛው አገር ስም ናቸው። በቀስታ፣ ከንፈር ሳይከፈት ነበር። ሠላሳ ሴት በሆዷ ተቀበለቻቸው። ጠባቂው ከውጭ፣ "ምንድን ነው የሚያጉረመርመው?" አለ። አንዷ ፈጠን ብላ፣ "ጸሎት ነው" አለችው።

እንዴት እንደሚገጥሙ እንዲያስተምሩኝ ለመንኳቸው። ሳቁብኝ። "የተማርሽው አንቺ!" አሉ። ግን አስተማሩኝ። የመጀመሪያውን ስንኝ ለተራራ፣ ለወንዝ፣ ለከብት ስጪው አሉኝ። የልብሽን ሁለተኛው ላይ አስገቢ። ስም አታስገቢ። "ስም ካስገባሽ ዘፈኑ ለአንዱ ይሆናል፤ ሌላው ምን ይዝፈን?" በጣታቸው ጉልበታቸውን እየመቱ ስድስት ስድስት ያስቆጥሩኛል። ልክ ያልመጣ ስንኝ ሲሰሙ ጥርስ ላይ አሸዋ እንደገባ ፊታቸው ይኮማተራል። ከጥቂት ወራት በኋላ ስልሳ ያህል ስንኝ በቃሌ ይዤ ነበር። ወረቀት የለ፣ ቀይ እስክሪብቶ የለ። ሰው መፈተሽ ይችላል፤ ጉንጬ ውስጥ ያለውን ስንኝ ግን ፈልጎ አያገኝም።

በሐምሌ 1971 የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ተጀመረ። በአሥራ አምስት ቋንቋ ተብሎ፣ በኋላም ዩኔስኮ የሸለመው ትልቅ ዘመቻ ነው። እኛም ዘንድ ጥቁር ሰሌዳና ጠመኔ ገባ። የተማሩት ያልተማሩትን ያስተምሩ ተባለ። አስቡት። በወረቀት ሰበብ ያሰረኝ መንግሥት ፊደል አስተምሪ አለኝ! ለደርግ ደግ ቃል ከአፌ አይወጣም፤ ይህን ግን አልክደውም፣ ስንት እናቶች በዚያ ዘመቻ ዓይናቸው ተከፍቷል።

ሴትዮዋ ተማሪዬ ሆኑ። ከሰል ይዘው ወለሉ ላይ ይጽፋሉ። "ሀ"ን "ይቺ ሳጠራ የተሸከመች ሴት ትመስላለች" አሉኝ። "ጠ"ን "ይሄስ ድንኳን ነው" አሉ። እያንዳንዷን ፊደል እንደ እንግዳ ነው የሚቀበሏት። በሁለተኛው ዓመት አንድ ከሰዓት በኋላ የኒያላ ሲጋራ ካርቶን አምጥተው ሰጡኝ። ጠባቂ የጣለው ነው፤ ውስጡ ነጭ ነው። በከሰል ስማቸውን ጽፈውበታል። ከነአባታቸው። ፊደሎቹ ይተኛሉ፣ ይነሣሉ፣ አንዷ ወደ ኋላ ዞራለች።

እኔ ደነገጥኩ። "እሜቴ፣ ይጥፋ፣ ይደምስሱት" አልኳቸው። በጣቴ ላጠፋው ስል እጄን ያዙኝ።

"ምን ሆነሻል? የኔው ስም እኮ ነው" አሉ። "ሌላው ሲጽፈው ኖሯል፤ ግብር ሲያስከፍል፣ ሲያስር። እኔ መጻፌ ዛሬ ነው።" ከዚያ ካርቶኑን መልሰው ሰጡኝ። "ያዢልኝ፣ ቀሚሴ እያደር ያልቃል።"

በቀሚሴ ጠርዝ ሰፋሁት።

በመስከረም 1974 ተፈታሁ። ስታሰር ክስ አልነበረም፣ ስፈታም ምክንያት አልተነገረኝም። እሳቸው ከእኔ ቀድመው ወጥተዋል። ሄጄ እጠይቃቸዋለሁ እያልኩ ዛሬ ነገ ስል ሁለት ዓመት አለፈ። አታሳፍሩኝ፤ እግሬ ወደዚያ መንገድ አልነሣ ብሎኝ ነው። ከዚያ የ1977ቱ ድርቅ መጣ። መንደራቸው ስደርስ ከቤቱ የቀረው ምሰሶ ብቻ ነበር። ጎረቤት ከነበረ አንድ ሽማግሌ በቀር ሰው የለም። "ለሰፈራ ወሰዷቸው፤ ፓዌ ነው መሰለኝ" አለኝ። ከወሎ ስንት መቶ ሺህ ሰው ነው በዚያ ዘመቻ የተጫነው! ደብዳቤ ጻፍኩ። ፖስታው ላይ ስማቸውን ስጽፍ እጄ ተንቀጠቀጠ፤ ከምርመራው ወዲህ የሰው ስም በወረቀት ላይ ስጽፍ የመጀመሪያዬ ነው። መልስ አልመጣም። መልስ መጻፍ ይችሉ ነበር፤ እኔው ነኝ ያስተማርኳቸው።

ልጻፍ ብዬ ስቀመጥ የሆንኩትን ልንገራችሁ። "የተወለድኩት ደሴ ነው" እላለሁ። ወዲያው ንጹሑ ሸሚዝ ይመጣል። "ማንም እንዳይቀር" ይላል። ወረቀቱን እተወዋለሁ። ታሪኩን "እሷ" ብዬ ጻፍኩት። አንዳንዴ "አንዲት ልጅ"፣ አንዳንዴም ጨርሶ "ሰውየው" ብዬዋለሁ። ሃያሲዎች ይህን የአጻጻፍ ስልት አሉት፤ ቆንጆ ስም አወጡለት። እኔ ስልት አላውቅም፣ ሽሽት ነበር።

በ1987 የደርግ ባለሥልጣናት ፍርድ ቤት ሲቀርቡ በሬዲዮ እከታተል ነበር። ከሁሉ የገረመኝ ማስረጃው ነው። ሲገድሉ ይጽፉ ነበር። ሲያሰቃዩ ይጽፉ ነበር። ማኅተም፣ ፊርማ፣ ግልባጭ። ልዩ ዐቃቤ ሕግ በራሳቸው ወረቀት ከሰሳቸው፤ በታኅሣሥ 1999 ጥፋተኛ ተባሉ። ወረቀት አፍ አለው፣ ይናገራል ብለውኝ የለ? የእኔም ሰባት ድርሳን የሆነ ሳጥን ውስጥ ይኖር ይሆናል። የመጀመሪያ መጽሐፌ ነው፤ ባገኘው ሳላነበው አቃጥለዋለሁ እል ነበር። አሁን ግን ባነበው ደስ ይለኛል። ቢያንስ ሦስተኛው ዙር ጥሩ አጀማመር ነበረው።

ልጨርስ ነው፣ ቡናው እየሸተተኝ ነው።

ጥቅምት 2014 ጦርነቱ ወደ ደሴ ሲቃረብ ልጆቼ አዲስ አበባ ሆነው "ውጪ፣ ውጪ" ይሉኛል በስልክ። የከባድ መሣሪያ ድምፅ ይሰማል፣ መስኮቱ ይርገበገባል። እኔ ግን ሻንጣ አላዘጋጀሁም። ምድጃው አጠገብ ቁጭ ብዬ ወረቀት እለያለሁ። ማስታወሻ፣ ደብዳቤ፣ የልጅነት ጓደኞቼ የጻፉልኝ። ስም ያለበትን ወደ ግራ፣ የሌለበትን ወደ ቀኝ። በ63 ዓመቴ! ማንም አላዘዘኝም። የግራውን ክምር አንድ በአንድ እሳት ውስጥ ጨመርኩት። የእናቴ እጅ ነበር የሚያደርገው።

ከክምሩ ሥር የኒያላው ካርቶን ወጣ። ስም ያለበት ነው፣ ከነአባት። ወደ ግራ አስቀመጥኩት። አነሣሁት። መልሼ አስቀመጥኩት። ከሰሉ ከአርባ ዓመት በላይ ሆኖት ደብዝዟል፤ "ሐ"ዋ ልትጠፋ ደርሳለች። አንድ እግሯ ያጠረች "ሐ" ናት፣ እንደኔዋ።

ተነሣሁና የልጅ ልጆቼን መሳቢያ ፈለግኩ። ቀይ እስክሪብቶ አገኘሁ። መነጽሬን አደረግኩ። ውጭ ሲፈነዳ እጄን እያነሣሁ፣ ዝም ሲል እየመለስኩ፣ የተኛውን እንደተኛ፣ የዞረውን እንደዞረ፣ ፊደል በፊደል ተከትዬ በቀይ አደመቅኩት።